ሙሽሪትና የጠቦቱ ጉበት

እርጥብ ባና የሚሸተው እንደ እርጥብ በግ አይደለም። ሰው እንደዚያ ይላል፤ ተሳስቷል። እርጥብ በግ፣ በግ በግ ነው የሚሸተው። እርጥብ ባና ግን ጭስ፣ ቅቤ የነካው ጠጉር፣ የሰው አንገትና የዝናብ ጭቃ አንድ ላይ ተደባልቆ ነው። ባለፈው ክረምት ከደብረ ብርሃን ወደ መንዝ በሚወጣው አውቶቡስ ውስጥ አንድ ሽማግሌ አጠገቤ ተቀመጡ። ከበግ ጠጉር የተሸመነው ባናቸው በዝናብ ርሶ ይንጠባጠባል፤ ግማሹ እኔ ጉልበት ላይ ነው። ላንሳልሽ ወይ አሉኝ፤ ይተዉት አልኳቸው። ደግ ሆኜ አይምሰላችሁ። ሽታው አፌ ውስጥ የጉበት ጣዕም አመጣብኝና ከየት እንደመጣ ላጣራ ፈልጌ ነው።

ጣፎ በር ሳንደርስ አገኘሁት። አምስተኛ ክፍል የገባሁበት ዓመት ነው።

መንደራችን ከቀየት ከተማ ወዲህ፣ ገደል አፋፍ ላይ ናት። እስከ አራተኛ ክፍል እዚያው ተማርን፤ ከአምስተኛ ጀምሮ ግን ቀየት መሄድ ግድ ነው፣ ያውም በከሰዓት ፈረቃ። ስንለቀቅ ጀንበር ልትጠልቅ ትቃረባለች፤ ቤት ሳንደርስ ይጨልማል። መንገዱ ደግሞ አንዱ ጎኑ ድንጋይ ነው፣ ሌላው ጎኑ ምንም ነው። ከዚያ ምንም ውስጥ ከታች የወንዝ ድምፅ ይሰማል።

ስለዚህ በኛ መንደር አንድ ልጅ ያን መንገድ በጨለማ ብቻውን ከመሄዱ በፊት ሙሽሪትን ያሳዩታል።

ሙሽሪት ኮከብ አይደለችም። ኅዳር ከተጋመሰ በኋላ፣ አመሻሽ ላይ፣ ከፍ ካለው የጓሳ ሜዳ በኩል ሦስት ኮከቦች ተከታትለው ይወጣሉ። ሚዜዎቹ ይባላሉ። ከነሱ ከፍ ብሎ ደብዘዝ ያለ፣ ዳር ዳሩ የማይለይ ነጭ ነገር አለ። ሙሽሪት እሷ ናት። ድሮ በጥር ወር ሙሽራ በበቅሎ ጭነው ጓሳን ሲያቋርጡ ጉም ወረደ አሉ። ጉሙ ሲገለጥ በቅሎዋ ከነኮርቻዋ ቆማለች፣ ሙሽሪት የለችም። ዓይነ ርግቧ ብቻ ሰማይ ላይ ተሰቅሎ ቀረ። ዛሬም እሷ ስትታይ እናቶች ሠርግ ደረሰ ይሉና ጌሾ መውቀጥ ይጀምራሉ። ዘፈንም አላት፤ ጥር ላይ ሙሽራ ሲወጣ ያችኛይቱን እንዳትከተዪ እያሉ ይዘፍኑባታል። ይህን ሲያወሩ ሌሎቹ ልጆች ለሙሽሪት ያዝናሉ። እኔን ያሳሰበችኝ በቅሎዋ ነበረች። ማን ወሰዳት? የሙሽራው ወገን ነው ወይስ የሙሽሪት ወገን? ጠይቄ የመለሰልኝ ሰው የለም።

ልጁን አውድማ ላይ ያቆሙታል። አያ ተክሌ፣ የመንደሩ ትልቅ ሰው፣ አንድ ረዘም ያለ የጓሳ ሣር ይሰጡታል። ሰማይን በጣት መጠቆም ኪንታሮት ያወጣል ስለሚባል በሣሩ ነው የሚጠቆመው። ሙሽሪትን ያገኛት ልጅ ዓይኑ ለጨለማ ጤነኛ ነው። ያጣት ልጅ ዳፍንት አለበት። ዳፍንት ያለበት ደግሞ ቀን ንስር ቢሆን፣ ሲመሽ እግሩን የት እንደሚያሳርፍ አያውቅም። ሞኝ ልማድ ነው አልልም። ገደሉን ያየ ሰው አይልም።

እስከዚያ አዋቂ በየተራ ሲመልሰን ቆይቶ፣ ኅዳር ማብቂያ ላይ እኔንና ብርቄን አወጡን። ብርቄ የጎረቤታችን ልጅ ናት፤ እኩያዬ። ዓይኗን ከመሬት አታነሳም፤ ሰው ሲያናግራት የነጠላዋን ጫፍ ትበላለች። እናቴ እሷን እያየች ነበር እኔን የምትሰድበኝ። ብርቄ ሣሩን ተቀበለች፣ ቀና አለች፣ ዓይኗን መልሳ ሰበር አደረገች፣ ጠቆመች። ጎሽ ተባለች። ተራው የኔ ሆነ።

እኔ ሰውን ትክ ብዬ ነው የማየው። አሁንም። ያን ጊዜ ዓይን አውጣ ይሉኝ ነበር፤ አሁን በጨዋ ቋንቋ ግልጽ ነሽ ይሉኛል፤ ያው ስድቡ ነው። ሙሽሪትንም እንደዚያው አፈጠጥኩባት። ሦስቱ ሚዜዎች አሉ። ከነሱ በላይ ጥቁር ሰማይ ነው። የታለች አልኩ። ከመሃለኛው ወደ ላይ አሉኝ። ምንም የለም አልኩ። ደህና አድርገሽ እዪ አሉኝ። እነሱ ደህና አድርገሽ ባሉኝ ቁጥር እኔ ይበልጥ አፈጥጣለሁ፤ እንባዬ እስኪመጣ ድረስ።

"ምንም የለም" አልኩ በመጨረሻ። "ዝም ብላችሁ ነው የምታወሩት።"

አያ ተክሌ ሣሩን ከእጄ ወሰዱና ወደ አባቴ ዞሩ።

"ደምሴ፣ ይቺ ልጅ ወይ ዳፍንት ይዟታል፣ ወይ ድፍረት። ድፍረት ከሆነ አርጩሜ አለ። ዳፍንት ከሆነ ግን ጉበት አብላት።"

ቤት ስንገባ አባዬ ለእማዬ ቁርጡን ነገራት። እስከ ገና ድረስ አጨዳውንም ውቂያውንም እየተወ ቀየት ድረስ መጥቶ ይወስደኛል። እስከ ገና ካልዳንኩ ግን ትምህርቱ ይቀራል። ልጄን ለገደል አልገብርም አለ። ክፉ ሆኖ አይደለም፤ የሚለው እውነት ነበር። እኔ ግን ትምህርት ያቆመች ልጅ ምን እንደሚጠብቃት አውቃለሁ። የብርቄ ታላቅ እህት ስድስተኛ ክፍል ላይ አቁማ በዓመቱ ለሰው ቤት ተዳረች። ሠርጓ ላይ ጠግቤ በልቻለሁ፤ የራሴን ግን አልፈለግኩም።

ጉበቱ ችግር ነበረው። የገና ጾም ነው፤ በዓሉ አልደረሰም። በኔ ዕድሜ ያለ ልጅ ደግሞ ይጾማል። አባዬ የንስሐ አባታችን ዘንድ ሄደ፤ እሳቸውም ለመድኃኒት ከሆነ ትብላ፣ ግን ሰው አይይባት አሉ። አንድ ጠቦት ታረደ። ሥጋው ለገና ቋንጣ ሆኖ ጣሪያ ላይ ተሰቀለ፤ ጉበቱ የኔ ሆነ። እማዬ ፍም ላይ ጣል ታደርገውና ሲንጫጫ፣ የአባዬን እርጥብ ባና እላዬ ላይ ትደፋብኛለች። እንፋሎቱ ዓይን ውስጥ መግባት አለበት። እዚያ ጨለማ ውስጥ እኔ፣ ፍሙ፣ ጉበቱና ባናው አለን። ላብ፣ ጭስ፣ ንፍጥ። ከውጭ ትናንሽ ወንድሞቼ ምን ይሸታል እያሉ ያለቅሳሉ። እማዬ ሽሮ ነው ትላቸዋለች።

ጣዕሙን ልዋሽ አልችልም፤ ይጣፍጣል። የመጀመሪያው ቀን። ከዚያ በኋላ ጎረቤትም እየሰማ ጉበት መላክ ጀመረ፤ አንዱ ከገበያ የገዛውን፣ ሥጋ ሻጩ ሙስሊም ነው፣ አይበላም ብሎ አባዬ ሲመልስ፣ ሌላው ከራሱ በግ ያመጣል። ትንፋሼ ጉበት ጉበት እስኪል በላሁ። ማታ ማታ ወጥቼ አያለሁ። ሚዜዎቹ አሉ። ጥቁር ሰማይ አለ።

የገረመኝ ሌላ ነገር ነበር። ሌላው ሁሉ ይታየኛል። ሲጨልም በረት እየገባሁ ነጩን በግ ከግራጫው እለያለሁ፤ ደረቱ ላይ ብቻ ነጭ ጣል ያለበትን ጠቦት እንኳ አገኘዋለሁ። ለአባዬ ነገርኩት። በጎችሽን በጠረናቸው ነው የምታውቂያቸው አለኝ። ታዲያ ነጭ በግ ልዩ ሽታ አለው ወይ ስለው ሂጂ ወደዚያ አለኝ።

ብርቄ አዘነችልኝ። ከመሃለኛው ሚዜ አንድ ስንዝር ወደ ላይ ጠቁሚና በቃ፣ ማን ዓይንሽ ውስጥ ገብቶ ያያል አለችኝ። አሰብኩበት። ግን ዳፍንቱ እውነት ከሆነስ? አያ ተክሌን አታልላለሁ፤ ገደሉን ግን ማን ያታልለዋል? ደግሞም መኖሯንና አለመኖሯን ማወቅ ፈልጌያለሁ። ሰው ሁሉ አለች የሚላትን ነገር እኔ ብቻዬን ሳጣት ያማል፤ በጉበት የማይድን ሕመም ነው።

ስለዚህ ሳይንስ የሚያስተምረንን መምህር ሀብቴን ጠየቅኩ። ገና ወጣት ነው፤ ከዓለም ከተማ የመጣ የመርሐቤቴ ልጅ፣ ብርዳችንን ያልለመደ፣ ክፍል ውስጥ ጓንት አድርጎ የሚጽፍ። ክፍሉ መሃል ተነስቼ ሙሽሪት የምትባለዋ እውነት አለች ወይ አልኩት። ልጆቹ ሳቁ። እሱ አልሳቀም። ጠመኔውን አስቀመጠ።

አለች አለን። ኔቡላ ይባላል። ጋዝና አቧራ ነው፤ እንደ ደመና የተከመረ። ከዚያ ከአቧራው ውስጥ ኮከቦች ይወለዳሉ። በሳይንስ ሙሽሪት የሚላት የለም፤ ፊደልና ቁጥር ነው የሰጧት፣ እንደ መኪና ታርጋ።

"ሰማይ ላይ አቧራውን ማን አስነሳው?" አልኩት።

"እሱን እኔም ማወቅ እፈልጋለሁ" አለኝ።

አስተማሪ አላውቅም ሲል የሰማሁት ያን ቀን ነው። ወደድኩት። ሲደወል ወደ መጻሕፍት ክፍሉ ወሰደኝና ጀርባው የተገነጠለ ትልቅ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ገለጠልኝ። ፎቶዋ ሙሉ ገጽ ነው። ቀይ ናት። ደም የመሰለች፣ መሃሏ ላይ ቢጫ የበራባት፣ ዳሯ የጠቆረ። ገርሞኝ አፌን ከፍቼ ቀረሁ። ፍም ላይ ያለ ጉበት ናት ቁርጥ! ለካ ለዚህ ነው ጉበት የሚያበሉኝ፣ እንዲለምደኝ ነው ብዬ አሰብኩ። ለረጅም ጊዜ ነገሩን እንደዚያ ነበር የያዝኩት፤ ራሱን የሚያመው ሰው ራስ የሚመስል ቅል ቢታሠርለት የሚሻለው ዓይነት።

ቀይዋ የታለች ታዲያ፣ የኛ ሰዎች ነጭ ናት ይላሉ ስለው፣ ካሜራው ለብዙ ሰዓት አፍጥጦባት ነው፤ የሰው ዓይን ቀለሟን አይችለውም አለኝ። ከዚያ መጽሐፉን እየዘጋ፣ በነሱ አገር ሙሽሪት እንደማትባል ነገረኝ። በመርሐቤቴ መንጋው ነው የምትባለው። አዲስ ንግሥት ይዞ የወጣ የንብ መንጋ፣ ማደሪያ አጥቶ ሰማይ ላይ የተንጠለጠለ። እነሱ ቆላ ናቸውና ንብ አላቸው፤ እኛ ጉም አለን። ማን ነው ልክ አልኩት። አቧራው አለኝና ሳቀ።

"መምህር፣ እርስዎ ግን አይተዋታል?"

ልጅ ሳለ ያያት እንደሚመስለው ነገረኝ፤ ግን ልክ ልያት ሲል ትሸሸዋለች። ዓይኑን ንባብ ያደከመው ይመስለው ነበር። እኔን ደግሞ የምትሸሸኝ እንኳ የለችም አልኩት።

የሆነው ከዚያ በኋላ ባለ አንድ አመሻሽ ነው። እማዬ ደጃፉ ላይ ተቀምጣ ጠጉር ትፈትላለች። በስተኋላዋ የጓሳ ሰማይ ነው። እኔ ፊት ለፊቷ ቆሜ፣ አንቺ ራስሽ እውነት ታያታለሽ ወይስ ሰው ስላለ ነው አልኳት። እንዝርቷ ቆመ። ቀን ሙሉ በኔ ጉበት ሰበብ ከጎረቤት ጋር ስትወቃቀስ ውላለች።

"ሰው ስታናግሪ እንዲህ አታፍጥጪ" አለችኝ። "አንድ ቀን እንኳ፣ አንድ ቀን ዓይንሽን ሰበር አድርጊ።"

ድምፅዋ ውስጥ ቁጣ ብቻ ቢሆን መልስ ነበረኝ። ድካም ነበር። ዓይኔን ከፊቷ አንስቼ ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ወዳለው ጥድ አዞርኩት። እልህ ይዞኝ ጥዱን አየሁት። ጥዱን እያየሁ፣ በዓይኔ ጠርዝ፣ ከእማዬ ራስ በላይ አንድ ነገር አለ። አንድ ጭብጥ የተባዘተ ጠጉር የሚያህል። ነጭ፣ ዝም ያለ።

ዞርኩ። ጠፋ። ጥዱን አየሁ። መጣ። እንደገና ዞርኩ፤ ጠፋ። እስትንፋሴን ይዤ ቀስ ብዬ፣ ዶሮ እንደሚይዝ ሰው፣ ዓይኔን ከጥዱ ወደ ሚዜዎቹ ጎተትኩት። የሆነ ቦታ ላይ ስደርስ ትከስማለች፤ ትንሽ ወደ ኋላ ስመለስ ትበራለች። እማዬ ምን ሆንሽ አለችኝ።

"አለች" አልኳት። "ፊት ለፊት ሳያት ነው የምትጠፋው። በጎን አለች።"

"ታዲያስ?" አለችኝ እንዝርቷን እያነሳች። "ሙሽራ ፊት ለፊት ይታያል እንዴ?"

"ለምን አልነገራችሁኝም?"

"ይሄም ይነገራል?"

እውነቷን ነው። ማንም ደብቆኝ አልነበረም። ዓይንን ሰበር ማድረግ እንደ መተንፈስ ስለሆነላቸው፣ ሙሽሪትን በጎን እንደሚያዩዋት ራሳቸውም አላወቁትም። ለብርቄ መልሼ ብነግራት እኔ ፊት ለፊት ነው የማያት ብላ ማለችልኝ።

መምህር ሀብቴ ሲሰማ ጓንቱን አወለቀ። ሁለት ቀን ጠፍቶ ሰንብቶ መጣና ሰሌዳው ላይ ትልቅ ዓይን ሣለ። የዓይናችን መሃል ለብርሃን ነው አለን፤ ቀለም ይለያል፣ ፊደል ያነብባል፤ በጨለማ ግን ደካማ ነው። ጠርዙ ነው ለጨለማ የተሠራው። ስለዚህ ደብዛዛ ነገርን ትክ ብሎ ያየ ሰው በዓይኑ ደካማ ክፍል ነው የሚያየው። ከዚያ ወደኔ ዞሮ፣ ስንዱ፣ እኔም መንጋውን ትናንት አየሁት አለኝ። ክፍሉ ውስጥ ያ ነገር የገባቸው እኔና እሱ ነበርን። ዳፍንት የለብኝም ማለት ነው። ጉበቱንም ማቆም ይቻላል።

ይቻላል እንጂ አባዬ አላመነም። ገና ሊገባ ሲል አያ ተክሌን ይዞ ወደ አውድማው አወጣኝ። ሣሩን ያዝኩ። ፊቴን ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አዙሬ፣ እጄን ወደ ጓሳ ዘርግቼ ጠቆምኩ።

"ወዴት እያየሽ ነው? አትቀልጂ" አለኝ አባዬ።

"እያየኋት ነው።"

"ፊትሽን አዙሪያ።"

"ካዞርኩ አላያትም።"

አያ ተክሌ በሣሩ አቅጣጫ ጎንበስ ብለው አዩና ልክ ናት አሉ። አባዬ ራሱን ነቀነቀ። ሰው ነግሯት ይሆናል አለ። ማንም ሰው ቦታዋን ሊነግራት ይችላል። እውነት ነው፤ ይችላል። ዓይኔ ውስጥ ያለውን አውጥቼ ላሳየው አልችልም። ትምህርቴ እዚያ ሣር ጫፍ ላይ ተንጠልጥሏል። ያኔ ነው ጉሙ ከጓሳ በኩል ብቅ ያለው፣ እንደ ልማዱ፣ በቁርጥራጭ። አያ ተክሌ ብልህ ናቸው። ሁለታችሁም ዝም በሉ አሉን። ስትሸፈን ንገሪኝ፣ ስትገለጥ ንገሪኝ፣ እኔም አያለሁ አሉ።

ዓይኔን ጉልላቱ ላይ ተክዬ ቆምኩ። ብርድ ነው። ተሸፈነች አልኩ። እሳቸውም አዎ አሉ። ብዙ ቆየን። ከእግራችን ስር ጭድ ይንኮሻኮሻል። ግማሽዋ አልኩ፤ አዎ አሉ። ተገለጠች፤ አዎ። እንደገና ተሸፈነች ስል፣ እሳቸው ቆዪ ቆዪ አሉና፣ አዎ፣ ቀደምሽኝ አሉ። ከዚያ ዱላቸውን አነሱ።

"ደምሴ፣ የልጅህ ዓይን ከኔ ይሻላል። ደህና እደሩ።"

ሄዱ። አባዬ ግን አልተንቀሳቀሰም። ሚዜዎቹ ወዳሉበት ትክ ብሎ ያያል፣ አገጩን ቀና አድርጎ፣ ሳይርገበገብ። እንደኔ። ትክክል እንደኔ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ።

"አባዬ፣ አንተ አታያትም?"

መቼም ይቆጣኛል ብዬ ነበር። አልተቆጣም።

"እኔን ሲያሳዩኝ ሰው ሁሉ የሚጠቁምበት ጠቆምኩ" አለኝ። "ከዚያ ያን መንገድ ስሄድ ዕድሜ ልኬን ድንጋዩን እየዳበስኩ ነው የሄድኩት። ዳፍንት ያለብኝ መስሎኝ።"

በልጅነቴ አባቴ ያ መንገድ ላይ እጁን ከድንጋዩ የማያነሳው ለምን እንደሆነ ጠይቄው አላውቅም ነበር። ሁሉን የምጠይቅ ልጅ ያን አልጠየቅኩም። አጠገቡ ቆምኩና ጉልላቱን እይ አልኩት። እሷን ተዋት። እንደሌለች ቁጠራትና ጉልላቱን ብቻ እይ።

ጉልላቱን አየ። ማየት አያውቅበትም፤ ዓይኑ ያመልጠውና ይመለሳል። ተዋት አልኩት ደግሜ። ጉሙ አለፈ። ትከሻው ረገብ ሲል አየሁ፤ ከዚያ አንገቱ ረጋ።

"ይቺ?" አለ።

"እሷ ናት።"

"ይቺን ነው እንዴ ሰው እንዲህ የሚዘፍንላት?"

"ሩቅ ሆና ነው" አልኩት።

"ምን ያህል ብትርቅ ነው?"

አላውቅም አልኩት። መምህሩ አልነገረንም፣ እኔም አልጠየቅኩትም። አባዬ ጉልላቱን እያየ ቆየ፤ ሊያጣት አልፈለገም። ባናውን ከትከሻው አውርዶ ሳያየኝ በእጁ ፈልጎ አለበሰኝ።

"እንግዲያው ስትሄጂ መምህርሽን ጠይቂልኝ" አለኝ።